የጠቆረውን የብረት ፍርግርግ ያለ አደጋ ስለ ማጽዳት

ለገበሬዎችና ለልማት ሠራተኞች የተዘጋጀ ትምህርት

መግቢያ

ሥጋ፣ ዓሣ ወይም የበቆሎ እሸት የሚጠበስበት የብረት ፍርግርግ በደንብ የተያዘ እንደ ሆነ ከአባት ወደ ልጅ ሊተላለፍ የሚችል ዕቃ ነው። በገበያ ቀን ጥብስ ወይም እሸት እየጠበሰ ለሚሸጥ ቤተሰብ ደግሞ እንደ ማረሻው ሁሉ የገቢ መሣሪያ ነው። ነገር ግን ብዙ ፍርግርግ ዕድሜውን ሳይጨርስ ይሰነጠቃል፤ ወይም በዝገት ተበልቶ ከጓሮ ይጣላል። ይህ የሚሆነው አብዛኛውን ጊዜ አጸዳዱ ስለማይታወቅ ነው።

ከዕቃው ጉዳት ይልቅ የሚከፋው በሰው ላይ የሚደርሰው ጉዳት ነው። ስቡን ቶሎ ለማስለቀቅ ተብሎ በሚገዛ ብርቱ መድኃኒት እጅ ይቃጠላል፤ ዓይን ይጠፋል። በውሃ ፕላስቲክ ወይም በለስላሳ ጠርሙስ ተገልብጦ የተቀመጠውንም ሕፃን ልጅ ውሃ መስሎት ይጠጣዋል። እንዲህ ያለው አደጋ የሚመጣው ቤት ውስጥ ባለው በቀላል ነገር ሊሠራ በሚችል ሥራ ላይ ነውና እጅግ ያሳዝናል።

ስለዚህ በዚህ ትምህርት የምናስረዳችሁ አመድ፣ ለብ ያለ ውሃ፣ የበቆሎ ቆረቆንዳ፣ ሳሙናና ጥቂት የኑግ ዘይት ለዚህ ሥራ የሚበቁ መሆናቸውን ነው። ከነዚህ ሌላ የሚያስፈልገው የአንድ ሌሊት ትዕግሥት ብቻ ነው። ይኸው ትምህርት ቡናና እህል ለሚቆላበት፣ ሥጋም ለሚጠበስበት ብረት ምጣድ ያገለግላል።

1. በመጀመሪያ ብረታችሁን ዕወቁ

ፍርግርግ ሁሉ አንድ ዓይነት አይደለም። ማጽዳት ከመጀመራችሁ በፊት ከሚከተሉት የትኛው እንደ ሆነ ለዩ።

ሀ) ቀልጦ በቅርጽ ውስጥ ፈስሶ የተሠራ ብረት። ባለሙያዎች ጊዛ ይሉታል። ከባድና ወፍራም ነው፤ የተሰበረበት ቦታ ሲታይ ግራጫና እንደ አሸዋ ሻካራ ነው። ከባድና ወፍራም በመሆኑ ሙቀትን አጥብቆ ይይዛል፤ ነገር ግን ከመቶው ከ2 እስከ 4 እጅ የሚሆን ካርቦን ስላለበት ተሰባሪ ነው። ከእሳት ላይ ወርዶ ገና ሳይበርድ ቀዝቃዛ ውሃ ያረፈበት እንደ ሆነ አንደኛው ወገን በድንገት ሲኮማተር ሌላው እንደ ሰፋ ስለሚቀር ይሰነጠቃል። ድንጋይ ላይ ቢወድቅም ሊሰበር ይችላል።

ለ) ቀጥቃጭ የሠራው ወይም ከአርማታ ብረት የተበየደ። ይህ ይጣመማል እንጂ እንደ ጊዛ በቀላሉ አይሰበርም። አጸዳዱ ግን ያው ነው።

ሐ) አሉሚኒየም። ቀላልና ነጣ ያለ ነው፤ ማግኔት አይስበውም። ማግኔት ከተበላሸ ሬዲዮ ድምፅ ማጉያ ሊገኝ ይችላል። ከዚህ በታች የተጻፈው የአመድ አሠራር አሉሚኒየምን ስለሚበላው ለሱ አይሆንም። አሉሚኒየምን በሳሙናና በውሃ ብቻ እጠቡ።

መ) በዚንክ የተለበጠ ሽቦ ወይም ቆርቆሮ። እንደ ቤት ክዳን ቆርቆሮ የሚያብረቀርቅ፣ ሲያረጅም ነጭ ዱቄት የሚያወጣ ነው። ይህ ለምግብ መጥበሻ አይሆንም። ዚንክ በ420 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ገደማ ይቀልጣል፤ የከሰል ፍም ደግሞ ከዚህ የበለጠ ይግላል። በጣም ሲግል የሚወጣው ጢስ የሳበውን ሰው እንደ ወባ ያንቀጠቅጠዋል፤ ያተኩሰዋል። እንዲህ ያለውን ፍርግርግ ለማጽዳት አትድከሙ፤ ከማዕድ ቤት አስወጡት።

ሠ) ከየት እንደ መጣ የማይታወቅ፣ ቀለም የተቀባ ወይም ከበርሜል የተቆረጠ። አሮጌ ቀለም እርሳስ ሊኖርበት ይችላል፤ እርሳስም በተለይ የልጆችን አእምሮ ይጎዳል። የፀረ ተባይ ወይም የፀረ አረም መድኃኒት ከነበረበት በርሜልና ቆርቆሮ የተሠራ ምድጃ፣ ፍርግርግ ወይም ምጣድ ቢታጠብም፣ በእሳት ቢለበለብም ለምግብ መዋል የለበትም። በዚህ ነገር ላይ ድርድር የለም።

2. ጥቁሩ ነገር ምንድን ነው?

በፍርግርግ ላይ ሦስት ነገሮች ይገኛሉ፤ ሦስቱን ለይታችሁ ካላወቃችሁ የሚጠቅመውን አጥፍታችሁ የሚጎዳውን ልታስቀሩ ትችላላችሁ።

አንደኛው ስስ፣ ለስላሳና ጥቁር ሽፋን ነው። ይህ ዘይት በሙቀት ደርቆ ከብረቱ ጋር የተጣበቀበት ነው። ብረቱን ከዝገት ይጠብቃል፤ ምግብም እንዳይጣበቅ ያደርጋል። በጥፍር ሲፋቅ አይነሣም። ይህን አትንኩት።

ሁለተኛው የተጋገረ ስብ ነው። ወፍራም፣ ወጣ ገባ ያለ፣ በቢላዋ ጀርባ ሲነካ እንደ ቅርፊት የሚፈነቀል ነው። ከሥጋው የሚንጠባጠበው ስብ በላዩ ላይ እየተቃጠለ የተከማቸበት ስለሆነ እሳት ይይዛል፤ ምግቡን መራራ ያደርጋል፤ አይጥና በረሮም ይጠራል። መወገድ የሚገባው ይህ ነው።

ሦስተኛው ዝገት ነው። ብረት ከውሃና ከአየር ጋር ሲገናኝ የሚፈጠር ቀይ ዱቄት ነው። ጨው ሲጨመርበት ይፈጥናል። ስለዚህ ጨው የተነሰነሰበት ሥጋ የተጠበሰበትን ፍርግርግ ሳያጸዱ ማሳደር ዝገትን መጋበዝ ነው።

3. ሊደረጉ የማይገባቸው ነገሮች

ሀ) በጋለ ብረት ላይ ቀዝቃዛ ውሃ አታፍስሱ። የቸኮለ አፍሶ ለቀመ እንደ ተባለው፣ የአንድ ደቂቃ ጥድፊያ የብዙ ዓመት ዕቃ ይሰብራል። ትኩሱም እንፋሎት ፊትን ይልጣል።

ለ) ፍርግርጉን በትልቅ እሳት ውስጥ ጥላችሁ ስቡን ለማቃጠል አትሞክሩ። ብረቱ ይጣመማል ወይም ይሰነጠቃል፤ ጠባቂውም ሽፋን አብሮ ይነድዳል። ስብ ተያይዞ ሲነድድ ደግሞ ውሃ አይደፋበትም፤ ውሃው በቅጽበት ተንኖ የሚነድደውን ስብ ይረጨዋልና። በደረቅ አፈር ወይም በአሸዋ አፍኑት።

ሐ) ኮስቲክ ሶዳ በቤት ውስጥ አትጠቀሙ። ስብን እንደሚበላ ሁሉ ሥጋንም ይበላል። ውሃ ሲነካው እጅግ ይሞቃል፤ ውሃ በላዩ ላይ የተጨመረበት እንደ ሆነ ፈልቶ ይረጫል። አሉሚኒየም ሲነካ ደግሞ በቀላሉ የሚቀጣጠል ጋዝ ያወጣል።

መ) በረኪና ለዚህ ሥራ አይሆንም። ብረትን ያዝጋል። ከአቼቶ፣ ከሎሚ ወይም ከሌላ ጎምዛዛ ነገር ጋር ሲቀላቀል ክሎሪን የተባለ ሳንባን የሚያቃጥል መርዘኛ ጋዝ ይወጣል። ሁለት ሲሆን ይበልጥ ያጸዳል ብላችሁ አትቀላቅሉ።

ሠ) በቤንዚን ወይም በላምባ አትጠቡ። ሽታው ምግቡ ውስጥ ይቀራል፤ የቤንዚን ትነት ደግሞ ከሩቅ እሳት ይስባል።

ረ) ጥርሱ የሚነቃቀል የሽቦ ብሩሽ አትጠቀሙ። የተነቀለው ቀጭን ሽቦ በፍርግርጉ ላይ ተጣብቆ ይቀርና ከምግቡ ጋር ይዋጣል። እ.ኤ.አ. በ2012 የአሜሪካ የበሽታ መቆጣጠሪያና መከላከያ ማዕከል ባወጣው ጽሑፍ በሮድ አይላንድ ግዛት፣ በፕሮቪደንስ ከተማ እንዲህ ያለ ሽቦ የዋጡ 6 ሰዎች መታከማቸውን ገልጿል። ከነሱም መካከል ሽቦው አንጀታቸውን የበሳቸው ነበሩ።

ሰ) ከሰል በተዘጋ ቤት ውስጥ አታቀጣጥሉ። ብረቱን ለማድረቅም ሆነ ዘይት ለማጠጣት እሳት የሚያስፈልግ ስለሆነ ይህን አስቀድማችሁ ልብ በሉ። ከከሰል የሚወጣው ካርቦን ሞኖክሳይድ ቀለምም ሽታም የለውም፤ ሰውን ሳያስጠነቅቅ ይገድላል። ሥራው ሁሉ ከደጅ ይሁን።

4. የሚያስፈልጉ ዕቃዎች

የተነፋ የእንጨት አመድ 2 ጣሳ፤ ለብ ያለ ውሃ 1 ባልዲ፤ የልብስ ሳሙና፤ የበቆሎ ቆረቆንዳ 4 ወይም 5፤ የቃጫ ጭምቅ፤ ጫፉ የተጠረበ እንጨት ወይም የአሮጌ ቢላዋ ጀርባ፤ አሮጌ ጆንያ 2፤ ደረቅ ጨርቅ፤ የኑግ ዘይት ግማሽ የቡና ሲኒ፤ የላስቲክ ጓንት። ጓንት ባይገኝ ሳይቀደድ የተጠበቀ የፕላስቲክ ከረጢት እጅ ላይ ማሰር ይቻላል።

ስለ አመዱ ሁለት ነገር ልብ በሉ። አንደኛ፣ በአመድ ውስጥ የተደበቀ ፍም ከአንድ ቀን በላይ ሊቆይ ስለሚችል ቢያንስ 2 ቀን ያለፈው አመድ ይሁን። ሁለተኛ፣ አመዱ ከንጹሕ እንጨት የተገኘ ይሁን። ቀለም ከተቀባ እንጨት፣ ከፕላስቲክ ወይም በኬሚካል ከተነከረ የኤሌክትሪክ ምሰሶ የተገኘ አመድ መርዝ አለበት፤ ለማጠቢያም ለእርሻም አይሆንም።

አመድ ስብን የሚያስለቅቀው ስለ ምንድን ነው? በእንጨት አመድ ውስጥ ፖታስየም ካርቦኔት የሚባል ጨው አለ። ይህ በውሃ ሲሟሟ ስብን ይሰብራል፤ ከፊሉንም ወደ ሳሙናነት ይለውጠዋል። እናቶቻችን በአመድ ዕቃ ሲያጥቡ የኖሩት በከንቱ አይደለም። ነገር ግን ይኸው ኀይል ዓይንንና ቆዳን ስለሚጎዳ ጓንት አድርጉ፤ አመድ ስትነፉም ነፋሱን በጀርባችሁ አድርጋችሁ ቁሙ።

5. የሥራው ቅደም ተከተል

አንደኛ። ፍርግርጉ ሙሉ በሙሉ ይብረድ። ልጆችንና ከብቶችን አርቁ።

ሁለተኛ። ፍርግርጉን በጆንያ ላይ አጋድማችሁ ወፍራሙን ቅርፊት በደረቁ ፋቁት። እንጨቱ ወይም የቢላዋው ጀርባ እንደ ብረቱ ዘንግ ወደ ርዝመቱ ይሂድ። አትቀጥቅጡት። የረገፈውን ሰብስባችሁ ቅበሩት፤ ውሻ እንዳይበላው።

ሦስተኛ። በአመዱ ላይ ለብ ያለ ውሃ ጥቂት በጥቂት እየጨመራችሁ እንደ ወፍራም ገንፎ እስኪሆን አማስሉ። ይህን በፍርግርጉ ላይ በሙሉ፣ ከሥሩም ሆነ ከጎኑ ለቅልቁት። ከዚያ በኋላ በውሃ በተነከረ ጆንያ ጠቅልላችሁ ልጅ በማይደርስበት ቦታ አሳድሩት። ጆንያው መድረቅ የለበትም፤ ከደረቀ አመዱ መሥራቱን ያቆማል።

አራተኛ። በማግሥቱ ጆንያውን ፍቱና በቆረቆንዳ ፈትጉት። ቆረቆንዳ ሻካራ ቢሆንም ብረቱን አይቧጥጥም፤ ቢሰባበርም የሚጎዳ ሽቦ አይተውም። ቀዳዳ ለቀዳዳ ያለውን በቃጫ አውጡ። ጋንና እንስራ የሚታጠብበት የግራዋ ቅጠልም ለመፈግፈጊያ ይሆናል።

አምስተኛ። በለብታ ውሃና በሳሙና እጠቡ፤ ሁለት ጊዜ በንጹሕ ውሃ አለቅልቁ።

ስድስተኛ። በጣት ዳሱት። ወጣ ገባ ያለ ቅርፊት ካለ አመዱን ደግማችሁ አሳድሩት። ለዓመታት ሳይጸዳ የኖረ ፍርግርግ 2 ወይም 3 ሌሊት ሊፈልግ ይችላል። ከመጥፎው በኋላ ስሱ ጥቁር ሽፋን ቢቀር ሥራው መልካም ሆኗል ማለት ነው፤ ነጭ እስኪሆን ድረስ አትፋቁ።

6. የዛገ እንደ ሆነ

ስቡ ከለቀቀ በኋላ ዝገት ከታየ ጥቂቱን በደረቅ ጥሩ አሸዋና በቆረቆንዳ ወይም በብርጭቆ ወረቀት ማስለቀቅ ይቻላል። የከበደ እንደ ሆነ አቼቶና ውሃ እኩል በእኩል ቀላቅላችሁ ፍርግርጉን ለ30 ደቂቃ ብቻ ንከሩት። ከዚህ በላይ ከቆየ አቼቶው ከዝገቱ አልፎ ብረቱን ይበላል። ከዚያ ወዲያው ፈትጉት፤ በሳሙና እጠቡት፤ አለቅልቁት። አቼቶና አመድ በአንድ ጊዜ አይደረጉም፤ አንዱ የሌላውን ኀይል ያጠፋልና ሁለቱም በከንቱ ይባክናሉ።

ዝገቱ ብረቱን በልቶ ያሳሳው፣ ወይም ስንጥቅ የታየበት ፍርግርግ በእሳት ላይ ተሰብሮ ትኩሱን ምግብና ፍም በሰው እግር ላይ ሊያፈስ ስለሚችል ለመጥበሻ አይዋል።

7. ማድረቅና ዘይት ማጠጣት

የታጠበ ብረት በራሱ ይደርቃል ተብሎ የተተወ እንደ ሆነ በጥቂት ሰዓት ውስጥ ይዝጋል። ስለዚህ በጨርቅ ከወለወላችሁ በኋላ ከደጅ በለዘበ ፍም ላይ አድርጋችሁ እርጥበቱ ፈጽሞ እስኪጠፋ አሙቁት። ሙቀቱ ቀስ በቀስ ይጨምር።

በእጅ ሊነካ በሚቻል መጠን ሲሞቅ ከእሳት ላይ አንሡት፤ በጨርቅ ጥቂት የኑግ ዘይት ነክራችሁ ሁለንተናውን ቀቡት። ከዚያ ቀጥሎ ዘይቱን እንደምታስወግዱ ያህል በደረቅ ጨርቅ ወልውሉት። ዘይቱ የበዛ እንደ ሆነ ይሙለጨለጫል፤ ይጣበቃልም። ከዚህ በኋላ በፍሙ ላይ መልሳችሁ ጢሱ እስኪያቆም ድረስ፣ ይኸውም አንድ ሰዓት ያህል፣ አቆዩት። በዚያው በራሱ ይብረድ። ይህን 2 ወይም 3 ጊዜ ብትደግሙት ጥሩ ሽፋን ይይዛል። ዘይት የጠጣው ጨርቅ በራሱ ሞቆ ሊቀጣጠል ስለሚችል ተጠቅልሎ አይቀመጥ፤ በውሃ ታጥቦ ተዘርግቶ ይድረቅ።

የኑግ ዘይት የተመረጠበት ምክንያት በስስ ተቀብቶ ሲሞቅ የመድረቅ ጠባይ ስላለው ነው። ለጋ ቅቤ ግን ውሃና የወተት ቅሪት ስላለበት ያርራል፤ ይሸታልም፤ ለዚህ ሥራ አይመረጥም።

8. ከከሰሉ ሥር ያለው ፍርግርግ

ከሰሉ የሚያርፍበት የታችኛው ፍርግርግ ዘይት አያስፈልገውም፤ እሳቱ ያነድደዋልና። የሱ ሕመም ሌላ ነው። ቀዳዳዎቹ በአመድና በስብ ሲደፈኑ አየር ስለማይገባ ከሰሉ ይታፈናል፤ ጢሱና መርዘኛው ጋዝ ይበዛል፤ ምግቡም ይዘገያል። ስለዚህ ምድጃው በበረደ ቁጥር አመዱን አራግፉ፤ በሳምንት አንድ ቀንም ቀዳዳዎቹን በእንጨት ቆንጥር ክፈቱ።

9. እጣቢው የት ይደፋ?

ከምንጭ፣ ከጉድጓድና ከወንዝ ርቃችሁ፣ ሰብል በሌለበት ቦታ ትንሽ ጉድጓድ ቆፍራችሁ ድፉት፤ አፈር መልሱበት። ከብትና ዶሮ አይጠጡት። እንዶድ የምትጠቀሙ እንደ ሆነ ደግሞ ጥንቃቄው ይበልጥ ያስፈልጋል። ዶክተር አክሊሉ ለማ እ.ኤ.አ. በ1964 በአድዋ ሰዎች በእንዶድ ልብስ ከሚያጥቡበት ቦታ በታች ቀንድ አውጣዎች ሞተው ማየታቸው ለብልሃርዚያ መከላከያ ምርምር በር ከፍቷል። ነገር ግን እንዶድ ዓሣንም ይገድላል።

ከሥራው የተረፈውን ስብ ያልነካው ደረቅ አመድ አትጣሉት። በጎጃምና በወለጋ እንዳሉት ኮምጣጣ አፈር ባለባቸው ቦታዎች አመድ የአፈሩን ኮምጣጣነት ይቀንሳል፤ ፖታስየምም ይጨምራል። በጓሮ አትክልት ላይ በስሱ ይነስነስ።

10. አደጋ የደረሰ እንደ ሆነ

የአመድ ውሃ፣ በረኪና ወይም ኮስቲክ ሶዳ ዓይን ውስጥ የገባ እንደ ሆነ ሳትዘገዩ ዓይኑን ገልጣችሁ በብዙ ንጹሕ ውሃ ቢያንስ ለ20 ደቂቃ እጠቡ፤ ከዚያም ወደ ጤና ጣቢያ ሂዱ። ቆዳ ላይ ከሆነ ልብሱን አውልቃችሁ እንዲሁ አድርጉ። ሎሚ ወይም አቼቶ አታድርጉበት።

ልጅ የጠጣው እንደ ሆነ አታስመልሱት፤ ሲወርድ ያቃጠለው ሲወጣ ደግሞ ያቃጥላልና። አፉን በውሃ አጉመጥምጡት፤ የጠጣበትን ዕቃ ይዛችሁ ወዲያውኑ ወደ ሕክምና አድርሱት።

በእሳት ወይም በጋለ ብረት ለተቃጠለ ቆዳ ለ20 ደቂቃ ቀዝቃዛ ንጹሕ ውሃ አውርዱበት፤ ቅቤ፣ ጭቃ ወይም ሊጥ አትቀቡት። ከዚያም በንጹሕ ጨርቅ ሸፍናችሁ ወደ ጤና ጣቢያ ውሰዱት።

11. ለልማት ሠራተኞች

ይህን ትምህርት በቃል ብቻ አታስተላልፉት። ከመንደሩ እጅግ የቆሸሸውን አንድ ፍርግርግ በባለቤቱ ፈቃድ ተቀብላችሁ፣ ግማሹን ብቻ በአመድ ለቅልቃችሁ አሳድሩ። በማግሥቱ በማሠልጠኛ ጣቢያው በሰው ፊት ስትፈትጉት በሁለቱ ወገኖች መካከል ያለው ልዩነት ራሱ ያስተምራል። ባሎችና ሚስቶች አብረው እንዲገኙ ጥሩ፤ በርሜል ገዝቶ የሚያመጣው ብዙ ጊዜ ባል፣ በሱ ላይ የምታበስለው ሚስት ናትና፣ ስለ መድኃኒት በርሜል የተነገረውን ሁለቱም መስማት አለባቸው።

ወደ ቤታቸው ስትሄዱም በየማዕድ ቤቱ ሦስት ነገር ተመልከቱ፤ ከመድኃኒት በርሜል የተሠራ ዕቃ መኖሩን፣ በረኪና ወይም ሶዳ በመጠጥ ጠርሙስ መቀመጡን፣ ከሰል በተዘጋ ቤት መንደዱን። ከሦስቱ አንዱን ብታስቀሩ ከፍርግርጉ መጽዳት የበለጠ ሥራ ሠርታችኋል።

12. የመለማመጃ ጥያቄዎች

1) በጋለ ጊዛ ላይ ቀዝቃዛ ውሃ ቢፈስ ምን ይሆናል? ስለ ምን?
2) መወገድ ያለበትንና መቅረት ያለበትን ጥቁር ነገር በምን ትለያላችሁ?
3) በአመድ የማይታጠበው የትኛው ዓይነት ዕቃ ነው?
4) በረኪናና አቼቶ ለምን አይቀላቀሉም?
5) ኮስቲክ ሶዳ የጠጣ ልጅ ለምን አይታስመለስም?
6) በቤታችሁ ያለው ፍርግርግ ከምን ተሠራ? ዛሬ ማታ ተመልከቱት።

ይህን ሁሉ ከፈጸማችሁ በኋላ ከባዱ ሥራ የሚደገም አይሆንም። ከእያንዳንዱ ጥብስ በኋላ ፍርግርጉ ለብ እንዳለ በቆረቆንዳ ፈትጋችሁ፣ ዘይት በነካው ጨርቅ ወልውላችሁ በደረቅ ቦታ ስቀሉት። ይህ 5 ደቂቃ አይፈጅም።